አሳማ የማይበላ ሰው ስለ አሳማ ዋጋ

እንደምን አደራችሁ! የተከበራችሁ አድላቢዎች፣ የመኖ ነጋዴዎች፣ የሉካንዳ ባለቤቶች፤ ከወረቀት ላይ ነው የማነብላችሁ፣ አትቀየሙኝ። በቃሌ ከጀመርኩ ማቆሚያ የለኝም። አዘጋጆቹም ይህን ስለሚያውቁ "ጽፈህ ና" ብለውኛል።

ርዕሴን ስነግራቸው አንዱ ሳቀ። "እዚህ አዳራሽ ውስጥ የአሳማ ሥጋ የሚበላ ስንት ሰው ይገኛልና ነው?" አለኝ። እውነቱን ነው። እኔም አልበላም። ቻይና ለትምህርት በኖርኩባቸው ዓመታት አንድ ቀን አልቀመስኩም። ግን የማልበላውን ሥጋ ዋጋ በየጠዋቱ ሳላይ አልዋልኩም። የምማረው የግብርና ገበያ ነበር። ጎመንና እንቁላል የምገዛበት ጠረጴዛ ደግሞ ከአንዲት ሥጋ ሻጭ አጠገብ ነው። ሴትዮዋ ዋጋውን ካርቶን ላይ ጽፋ ትሰቅላለች። ዛሬ ላወራችሁ የመጣሁት ያ ካርቶን ስላስተማረኝ ነገር ነው። ነገሩ በሬ ለሚያደልብም ይሠራል።

ዓመቶቹንም ወሮቹንም በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጠራው።

መጀመሪያ የገበያውን ስፋት ልንገራችሁ። በዓለም ላይ ካለው አሳማ ግማሽ ያህሉ ቻይና ውስጥ ነው። በ2024 ያመረቱት የአሳማ ሥጋ 57 ሚሊዮን ቶን ነበር። ለ1.4 ቢሊዮን ሕዝብ ሲካፈል ለአንድ ሰው 40 ኪሎ ገደማ ይደርሰዋል። እነሱ ዘንድ "ሥጋ" ከተባለ የአሳማ ነው፤ ሌላው በስሙ ይጠራል። "ቤት" የሚለውን ፊደል ሲጽፉ ጣራ ይሥሉና ከሥሩ አሳማ ያስቀምጣሉ። ስለዚህ የአሳማ ዋጋ ሲንቀሳቀስ መንግሥትም ይነቃል።

ሥጋውን ደግሞ ትኩስ ነው የሚወዱት። ይህን የእኛ አገር ቁርጥ በላተኛ ይረዳቸዋል። አሳማው ሌሊት ይታረዳል፤ ሲነጋ ጠረጴዛ ላይ ነው። በረዶ ቤት የገባ ሥጋ በብዙ እናቶች ዓይን የተናቀ ነው። ቺየን ዳማ የሚባል የሱቅ ሰንሰለት አለ። "እትዬ ቺየን" እንደማለት ነው። ሥጋ አናሳድርም ብለው ማሉ። ከምሽቱ አንድ ሰዓት ላይ ዋጋውን በ10 በመቶ ይቀንሳሉ። ከዚያ በየግማሽ ሰዓቱ ሌላ 10 በመቶ ይወርዳል። አምስት ሰዓት ተኩል ላይ የተረፈ ካለ በነፃ ይሰጣል። እስከ መጨረሻ ለመጠበቅ የሚቆሙ ጡረተኞችን አስቡ! ይህ የሽያጭ ጨዋታ ነው፤ ግን ሕዝቡ ለትኩስ ሥጋ ያለውን ፍቅር ያሳያል።

ይህ ፍቅር መዘዝ ነበረው። ሥጋው ትኩስ እንዲሆን አሳማው በቁሙ ከተማ መድረስ አለበት። አርቢው ሰሜን ነው፣ በላተኛው ደቡብ። አሳማ በጭነት መኪና አገር ያቋርጥ ነበር።

በነሐሴ 2018 መጀመሪያ ላይ ሸንያንግ በተባለች የሰሜን ምሥራቅ ከተማ የአፍሪካ የአሳማ ትኩሳት መግባቱ ታወቀ። በሽታው ሰው አይዝም፤ አሳማን ግን አይምርም። ስሙን ያገኘው በ1921 ኬንያ ውስጥ ስለተመዘገበ ነው። እኛም አገር በ2011 ታይቷል። ሁለተኛው የቻይና ሪፖርት ሁለት ሳምንት ሳይሞላው እኔ ያኔ ከነበርኩባት ከዠንግጆ ከተማ መጣ። የታመሙት አሳማዎች ቄራ ውስጥ ተገኙ። የተጫኑት ከሰሜን ምሥራቁ ክፍለ ሀገር ከሄይሎንግጂያንግ ነበር። ከ2,000 ኪሎ ሜትር በላይ ተጉዘዋል። በሽታው ያን ሁሉ መንገድ ማን አሻገረው? የትኩስ ሥጋ ፍላጎት ነዋ!

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ብዙ ሰው የሚስተው ነገር ስላለ ነው። በሽታ ሲገባ ሥጋ ወዲያው የሚወደድ ይመስለናል። መጀመሪያ የሆነው ግን ሌላ ነው። መንግሥት የታመመ ክልል አሳማ እንዳይወጣ ከለከለ። አሳማ በሚበዛበት ሰሜን ምሥራቅ ዋጋው ወደቀ፤ መውጫ የለውማ። አሳማ በሚያንስበት በደቡብና በምዕራብ ዋጋው ወጣ። አንድ አገር፣ አንድ ሳምንት፣ ሁለት ዋጋ። አርቢው ደግሞ ደነገጠ። "ሳይሞትብኝ ልሽጠው" ብሎ ያልደረሰውንም አወጣ። እናት አሳማዎቹንም ሸጠ። ስለዚህ ለጊዜው ገበያው ላይ ሥጋ ተትረፈረፈ። የሥጋ ሻጯ ካርቶን በዚያ ክረምት ምንም አልተለወጠም። እኔም "ይህ ነገር ቀላል ነው" ብዬ ለመምህሬ ጻፍኩ። ተሳስቼ ነበር።

የሸጡት እናቶቹን ነው። በመስከረም 2019 የአገሪቱ የአሳማ ቁጥር ከዓመት በፊት ከነበረው በ41 በመቶ ቀንሶ ተገኘ። ከዚያማ ካርቶኑ በየሁለት ቀኑ ይቀየር ጀመር። በኋላ ሴትዮዋ ካርቶን ትታ ጥቁር ሰሌዳና ጠመኔ ገዛች። ከበሽታው በፊት የቁም አሳማ በኪሎ ከ15 ዩዋን በታች ነበር። በ2019 ጥቅምት መጨረሻ 40 ዩዋን ደረሰ። በኅዳር የሥጋው ዋጋ ከዓመት በፊቱ በ110 በመቶ በልጦ ነበር። ናኒንግ ከተማ በአንዳንድ ገበያዎች ለአንድ ሰው በቀን ከአንድ ኪሎ በላይ እንዳይሸጥ ወሰነች። ራሽን ማለት ነው። በሕይወቴ ካየኋቸው ሰልፎች ሁሉ የሥጋ ሰልፍ ላይ ያሉ አሮጊቶች ያስፈራሉ።

መንግሥት የሥጋ መጠባበቂያ ክምችት አለው። እኛ የእህል መጠባበቂያ እንደምናውቀው። በመስከረም 2019 ለብሔራዊ በዓላቸው ብለው 10,000 ቶን ከውጭ የመጣ በረዶ ሥጋ በጨረታ አወጡ። ዜናው ትልቅ ነበር። እኔ ካልኩሌተር አወጣሁ። አገሩ በቀን ከ100,000 ቶን በላይ ይበላል። ያ ሁሉ ክምችት የሁለት ሰዓት ቀለብ ነው። መንግሥት ይህን አያጣውም። ያን ያህል ሥጋ የሚያወጣው ሆድ ለመሙላት ሳይሆን ልብ ለማረጋጋት ነው።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ ልግባ። ዋጋ 40 ዩዋን ሲሆን ማን አሳማ የማያረባ አለ? ሁሉም ገባ። የሪል እስቴት ኩባንያ ሳይቀር ገባ። ግን አሳማ በትእዛዝ አይመጣም። ሴት ግልገል ተወልዳ ለኮርማ እስክትደርስ ስምንት ወር ገደማ ትፈልጋለች። እርግዝናዋ 114 ቀን ነው። እነሱ "ሦስት ወር፣ ሦስት ሳምንት፣ ሦስት ቀን" ብለው ያስታውሱታል። የምትወልዳቸው ለቄራ እስኪደርሱ ሌላ ስድስት ወር። ደምሩት፣ ዓመት ተኩል ነው። በ2019 መጨረሻ ዋጋ አይቶ የወሰነ ሰው ሥጋው ገበያ የሚደርሰው በ2021 ነው። እና ሁሉም አንድ ላይ ነው የወሰነው።

በ2021 ጥር የቁም አሳማ ከ35 ዩዋን በላይ ነበር። በዚያው ወር ዳልያን ከተማ ላይ የአሳማ የወደፊት ግብይት ተከፈተ። ገና ያልደረሰ አሳማ ዛሬ በውል ይሸጣል። የተከፈተ ቀን ዋጋው ወደቀ። ገበያው የሚመጣውን ያውቅ ነበር ማለት ነው። በጥቅምት ዋጋው 11 ዩዋን ገደማ ደረሰ። በዘጠኝ ወር ውስጥ! 40 ዩዋን አይቶ ብድር የወሰደ ሰው በ11 ዩዋን ሸጠ። ከታላላቆቹ አርቢ ኩባንያዎች አንዱ የነበረው ዠንግባንግ ዕዳው አንቆት ፍርድ ቤት ደረሰ።

ይህን ቻይናዎች "የአሳማ ዑደት" ይሉታል። እኛ ስም አላወጣንለትም እንጂ በደንብ እናውቀዋለን። ሽንኩርት ሲወደድ የመቂና የዝዋይ ገበሬ ሁሉ ሽንኩርት ይተክላል። ሲደርስ መልቀሚያውን እንኳ አይሸፍንም። ቲማቲምም እንደዚያው። እናንተም ሁዳዴ ሳይገባ ከሲታ በሬ ፍለጋ አንድ ገበያ ላይ ትገናኛላችሁ። ከሲታውን አንዱ ሌላው ላይ እየጨመረ ያስወድደዋል። ለፋሲካ ደግሞ ሁላችሁም በአንድ ሳምንት ትሸጣላችሁ። ሳቃችሁ፤ ሁላችንም ያለንበት ነገር ስለሆነ ነው።

ዋጋ የሚነግረን ስለ ትናንት ነው። የዛሬ 40 ዩዋን የዛሬ ዓመት ተኩል የተሸጡ እናቶች ዜና ነው። ስለዚህ ቻይና ውስጥ ነገሩ የገባቸው ሰዎች የሥጋ ዋጋ አያዩም። የእናት አሳማ ቁጥር ነው የሚያዩት። ግብርና ሚኒስቴሩ ቁጥሩን ያወጣል። ለአገሩ የሚበቃው 41 ሚሊዮን እናት ነው ይሉ ነበር። በ2024 መጋቢት ወደ 39 ሚሊዮን አወረዱት። ሁለተኛው የሚያዩት ነገር የአሳማና የበቆሎ ንጽጽር ነው። የአንድ ኪሎ የቁም አሳማ ዋጋ የስንት ኪሎ በቆሎ ዋጋ ነው? በመንግሥቱ የ2021 ስሌት ሰባት ኪሎ ገደማ ከገዛ አርቢው ከኪሳራ ይወጣል። ከዚያ ካነሰ ይከስራል፤ ብዙ ከወረደ መንግሥትም ለክምችት ሊገዛ ይዘጋጃል። ይህችን ስሌት እናንተ ለበሬና ለፋጉሎ ዛሬ ማታ ቤታችሁ መሥራት ትችላላችሁ። ደብተርና እስክሪብቶ ይበቃል።

ዑደቱን ለመስበር ትልቁ ተስፋ የተጣለው ግዙፍ ኩባንያዎች ላይ ነበር። ትንሹ አርቢ ነው የሚደነግጠው፣ ትልቁ በዕቅድ ይሠራል ተባለ። በሽታውም ትንንሾቹን ጠራረጋቸው። ቦታቸውን እነ ሙዩዋን ያዙ። ሙዩዋን ዠንግጆ ባለችበት በሄናን ክፍለ ሀገር የተወለደ ኩባንያ ነው። በ2024 ብቻ 71 ሚሊዮን አሳማ ሸጧል። በአገሪቱ ከታረደው አሥር አሳማ አንዱ የእሱ ነው እንደማለት ነው። ሁቤይ ክፍለ ሀገር ኧጆ ላይ ደግሞ 26 ፎቅ የአሳማ ሕንፃ ተሠራ። አሳማዎቹ በሊፍት ይወጣሉ። የእኛ ሰው ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ በእግሩ ይወጣል፣ አሳማ ሊፍት አለው። ይህን ሳልናገር ባልፍ ይቆጨኝ ነበር።

ታዲያ ዑደቱ ቆመ? በእኔ እምነት አልቆመም፤ መልኩን ነው የቀየረው። ትንሹ አርቢ ሲከስር ይወጣል። ጎመን ይተክላል፣ ከተማ ገብቶ ሥራ ይፈልጋል። 26 ፎቅ የሠራ ሰው ግን የት ይወጣል? የባንክ ወለድ አለበት። ባዶ ፎቅ ከሚከስር ሙሉ ፎቅ ቢከስር ይመርጣል። ስለዚህ ዋጋው እንደ ድሮው ወደ ሰማይ አይወጣም፤ ግን ሲወርድ ቶሎ አይነሳም። በ2023 ብዙውን ጊዜ ከ15 ዩዋን አካባቢ አልራቀም። ለበላተኛው መልካም ነው። ለአርቢው እንደ ቀስ በቀስ ረሃብ ነው።

በላተኛውም ቢሆን እንደ ድሮው አይደለም። የቻይና ሕዝብ ቁጥር ከ2022 ጀምሮ መቀነስ ጀምሯል። የሚያረጀው በዝቷል፤ ሽማግሌ ደግሞ ጮማ አያበዛም። ሥጋ በጠፋበት ጊዜ ዶሮ የለመደ ቤተሰብ ሁሉ ተመልሶ አልመጣም። ይህ ለእናንተም ይሆናል። ደንበኛ በውድ ዋጋ አንዴ ካባረራችሁት ሲረክስ ብትጠሩት አይሰማም።

ውጭ ያለው ሻጭም ይህን ቀምሷል። በ2020 ቻይና 4.4 ሚሊዮን ቶን ገደማ የአሳማ ሥጋ ከውጭ አስገባች። የስፔን፣ የብራዚል፣ የአሜሪካ ላኪ ሁሉ ተደሰተ። በ2024 አንድ ሚሊዮን ቶን ገደማ ብቻ ሆነ። ጀርመን የባሰ ገጠማት። በ2020 መስከረም አንድ የሞተ የዱር አሳማ ተገኘ፤ በሽታው አለበት ተባለ። ቻይና በሩን ወዲያው ዘጋች። በአንድ ገዢ ላይ የተንጠለጠለ ላኪ እንዲህ ነው፤ አንድ የሞተ አሳማ ያስከስረዋል።

ወደ እኛ የሚደርስ ክር አለ ወይ ካላችሁ፣ አለ። አሳማው ከሚበላው አንዱ አኩሪ አተር ነው። ቻይና በ2024 ወደ 105 ሚሊዮን ቶን አኩሪ አተር አስገብታለች፤ አብዛኛው የብራዚል ነው። የእኛም አኩሪ አተር ወደዚያ ይላካል። የእኛ ድርሻ ከውቅያኖሱ ጠብታ ነው። ቢሆንም ፓዌና መተከል የሚያመርት ሰው ሳያውቀው ሄናን ውስጥ አሳማ ይቀልባል። እዚህ የተቀመጣችሁ የመኖ ነጋዴዎች ደግሞ ያንኑ አኩሪ አተር ለዶሮና ለላም ትፈልጉታላችሁ። እንግዲህ ከእናንተ ጋር በዋጋ የሚሻማችሁ እኔ የማልበላው አሳማ ነው።

ያቺ ሥጋ ሻጭ አሁንም አለች። በዊቻት አልፎ አልፎ እንጻጻፋለን። ባለፈው የጠረጴዛዋን ፎቶ ላከችልኝ። ግማሹ ዶሮ ሆኗል። ጥቁር ሰሌዳው የለም፤ ካርቶኑ ተመልሷል። ለምን ብዬ ስጠይቃት "ዋጋው አይንቀሳቀስም፣ ጠመኔ ምን ያደርግልኛል?" አለችኝ።

የጻፍኩት እዚህ ጋ አበቃ። ሻይ የቀረበ መሰለኝ። ጥያቄ ያለው እየጠጣ ይጠይቀኝ።