ዜማው የማን ነው?

እንዴት ናችሁ? ዛሬ ብቻዬን ነኝ። እንግዳ የለም፣ ቡና ግን አለ። ሲኒው ሲንቋቋ ከሰማችሁ ይቅርታ።

ሰሞኑን አንድ ዜማ ጭንቅላቴ ውስጥ ገብቶ አልወጣም አለኝ። ስፓኒሽ አልችልም። ግን «የ ዬ» የምትለዋን ቦታ ሳህን ሳጥብም እላታለሁ። «ላ ቺካ የዬ» ይባላል። ተዋናይቷ ኮንቻ ቬላስኮ በ1965 ፊልም ላይ የዘፈነችው ነው (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው)። ልቧን ላልሰማላት ወንድ፣ ሂድና ፀጉሯ የተንጨባረረ፣ ባለቀለም ስቶኪንግ ያደረገች ልጅ ፈልግ ትለዋለች።

ዜማው የማን ነው ብዬ ፈለግሁ። አውጉስቶ አልጌሮ። በ1934 ባርሴሎና ተወለደ፣ በ2011 አረፈ። አባቱም የዜማ ሰው ነበር። ልጁ ከመቶ በላይ ለሆኑ ፊልሞች ማጀቢያ ሠርቷል፤ ዘፈኖቹማ በመቶዎች ነው የሚቆጠሩት። እኔ ደግሞ ስሙን ገና አሁን መስማቴ ነው።

ነገሩ የነካኝ ለምን መሰላችሁ? ሠርግ ላይ ኪቦርድ እጫወታለሁ። «ይሄ የማን ዘፈን ነው?» ሲሉኝ የዘፋኙን ስም ነው የምነግራቸው። ዜማ ደራሲው ድሮም የካሴት ሽፋን ላይ በደቃቅ ፊደል ነው የሚጻፈው። እኔ ራሴ አንድ ዘፈን አቀናብሬ ነበር። ዩቲዩብ ላይ ሲወጣ «ቅንብር» ከሚለው ጎን የሌላ ሰው ስም ተቀምጧል። ደወልኩ። «ውይ፣ እናስተካክላለን ወንድሜ» አሉኝ። ይኸው ሁለት ዓመት።

ወደ አልጌሮ ልመለስ። እኔን የገረመኝ የፊልሞቹ ብዛት አይደለም፣ ዜማው በዘፋኙ ልክ የተሰፋ መምሰሉ ነው። «የዬ»ን ስሙት። ሐረጎቹ አጫጭር ናቸው። ትንሽ ትላለች፣ «የ ዬ» ትላለች፣ ትተነፍሳለች። ትወና የለመደች ሴት እያወራችም እየዘፈነችም ልትወጣው የምትችል ዜማ ነው። ከዚያ ኒኖ ብራቮ በ1970 የተጫወተውን «ቴ ኪዬሮ፣ ቴ ኪዬሮ» ስሙ። «እወድሻለሁ፣ እወድሻለሁ» ማለት ነው። ይሄም የአልጌሮ ዜማ ነው። እዚህ ግን ሜዳው ሰፊ ነው፤ ዜማው ከፍ፣ ከፍ ይላል፣ ልጁ ደግሞ ያንን የሚሸከም ጉሮሮ ነበረው። ምስኪን፣ በ28 ዓመቱ በመኪና አደጋ ሞተ። ሁለቱን ዘፈን አቀያይሩና አዘፍኗቸው እስቲ። አይሆንም።

«ፔኔሎፔ» ደግሞ አለች። ባቡር ጣቢያ አግዳሚ ላይ ቁጭ ብላ ፍቅረኛዋን ስትጠብቅ ዕድሜዋ የሚያልፍ ሴት። ሰውየው ሲመጣ «የምጠብቀው አንተን አይደለም» ትለዋለች። ግጥሙ የዘፋኙ የጆአን ማኑኤል ሴራት ነው፣ የዚያው የባርሴሎና ልጅ። ሴራት ብዙውን ጊዜ ግጥሙንም ዜማውንም ራሱ ስለሚሠራ፣ ይቺንም ሁሉም ለሱ ነው የሚሰጣት። ዜማዋ ግን የአልጌሮ ነው።

ቴሌቪዥን ላይም አለ። ስፔን በ1961 ለመጀመሪያ ጊዜ ዩሮቪዥን፣ ማለትም የአውሮፓ አገሮች የዘፈን ውድድር ውስጥ ስትገባ ዜማው የሱ ነበር። በ1969 ውድድሩ ማድሪድ ሲዘጋጅ ደግሞ የሙዚቃ ኃላፊው እሱ፣ ለስፔኗ ተወዳዳሪ ለሳሎሜም ኦርኬስትራውን የመራው እሱ። የዚያን ምሽት አራት አገሮች እኩል 18 ነጥብ አመጡ። የሚለያቸው ደንብ ስላልነበረ አራቱም አሸነፉ፤ ስፔን አንዷ ናት።

ቪዲዮውን ከፈትኩት። ዛሬ ስለ ዘፋኝ ግድ የለኝም፣ ሰውየውን ነው የማየው ብዬ። ሳሎሜ ከላይ እስከ ታች ዘርፍ የተንጠለጠለበት ልብስ ለብሳለች፤ 14 ኪሎ ይመዝናል ይባላል። ስትወዛወዝ ዘርፉ አብሯት ይዘላል።

ሦስቴ አየሁት። ሦስቱንም ጊዜ ያየሁት ዘርፉን ነው።