እማማ ያመጧት ግማሽ ኪኒን

እሺ፣ እንዴት ሰነበታችሁ። ስለ ድመቴ ስለ እቴጌ ስትጠይቁኝ ለነበራችሁ፣ ደህና ናት፣ ማስነጠሱ ቀንሶላታል፣ አይኗም ተከፍቷል፣ ዶክሲሳይክሊን የሚባለውን አንቲባዮቲኳን ማታ ማታ እየወሰደች ነው። ዛሬ ስለ ሌላ ነገር ላወራ ነበር ግን ከእማማ ነገር መውጣት አልቻልኩም።

እቴጌን በአሮጌው ጋቢ ጠቅልዬ ጭንቅላቷን ከላይ ይዣለሁ፣ ኪኒኗን ምላሷ ላይ ወደ ኋላ መሰረቱ ጋ አድርሼ አፏን ዘጋሁ፣ ጉሮሮዋን እያሻሸሁ አፍንጫዋን እስክትልስ እጠብቃለሁ፣ እሱን ካደረገች ውጣለች ማለት ነው አይደል፣ እማማ ገቡ። መዳፋቸው ላይ ግማሽ ፓራሲታሞል። "ልጄ ትኩሳት ነው የያዛት፣ ይቺን በወተት በጥብጠሽ ስጫት፣ እኔን ራሴን ሲፈልጠኝ እሷ ናት የምትተወኝ።"

ከራሳቸው ኪኒን ገምሰው ነው ያመጡት። እኛ ሰፈር ድመት ለአይጥ ነው የምትያዘው፣ ስትታመም ራሷን ትቻል ነው የሚባለው፣ ድመት ይዤ ባጃጅ ስሳፈር ስንቱ ነው የሳቀው፣ የእንስሳት ህክምና የሚያስተምር ዩኒቨርሲቲ ያለበት ከተማ ውስጥ ሆነን እኮ ነው፣ እና እሳቸው ኪኒናቸውን ገመሱላት።

እኔ ደግሞ "እማማ ይሄ ለድመት መርዝ ነው" አልኩ። እጃቸው ቀስ ብሎ ተጨበጠ። ሌላ ምን ልል እችል ነበር? ነው እኮ! የድመት ጉበት ፓራሲታሞልን የሚያስወግድበት ነገር በጣም ትንሽ ነው፣ ሰውነቷ ውስጥ ወደ መርዝ ይቀየርና ደሟን ያበላሸዋል፣ ኦክስጅን መሸከም ያቅተዋል፣ ድዷ ይጠቁራል፣ ፊቷና መዳፏ ያብጣል። የ500 ሚሊግራሙ ግማሽ 250 ነው፣ አንዲት ድመት ሊገድል ይችላል። በስህተት የሰጣችሁ ካላችሁ እስኪታይባት አትጠብቁ፣ በዛው ሰአት ሀኪም ጋ ሩጡ።

ደሞ ዶክሲሳይክሊንን ደረቁን ሰጥታችሁ እንዳትተዉት፣ እሱም ያሳስበኛል፣ ጉሮሮዋ ላይ ተጣብቆ ያቆስላታል፣ ቁስሉ ሲድን ጉሮሮዋ ይጠብና ምግብ አይወርድላትም። መርፌ በሌለው ሲሪንጅ 5 ወይ 6 ሚሊሊትር ውሃ አስከትሉላት፣ ግን በጉንጯ በኩል፣ ጠብ ጠብ እያደረጋችሁ፣ በየመሀሉ እንድትውጥ እየጠበቃችሁ። ፈሳሽ ስትሰጡ ጭንቅላቷን ወደ ኋላ አታንጋልሉ፣ ሳንባዋ ይገባል። አረፋ ብትደፍቅ አትደንግጡ፣ ብዙውን ጊዜ መራራነቱ ነው። ምግቧ ላይ ፈጭቶ መነስነስ ግን... አንዳንዱ መድሀኒት አይፈጭም፣ ሀኪሙን ጠይቁ፣ ደሞ ምግቡን ጠልታ ጭራሽ መብላት ካቆመች ሌላ በሽታ ነው የሚመጣው።

ምን እያልኩ ነበር... እጃቸው። ምንም አላሉም፣ "እግዜር ይማራት" ብለው ወጡ። ከዛ ወዲህ ቡና ስጠራቸው ስራ አለብኝ ይላሉ፣ እውነት ስራ ኖሯቸው ይሁን አኩርፈው አላውቅም፣ ምናልባት እኔ ነኝ ያበዛሁት፣ ምናልባት አይደለም፣ እኔን ያሳደጉኝ ሴትዮ ናቸው እኮ፣ ስታመም ዳማከሴ ጨምቀው ያጠጡኝ።

የሚያስጨንቀኝ ደሞ ሌላ አለ፣ ትላንት ማታ ነው የመጣልኝ። ከታች ያለው ቤትም የታመመች ድመት አለች፣ እማማ እዛም ይገባሉ፣ እና እኔ ጋ ከመምጣታቸው በፊት እዛ ሄደው ከሆነስ፣ ያቺ ሌላዋ ግማሽ... አልጠየቅኳቸውም። አሁን ሄጄ እንዴት ብዬ ነው የምጠይቃቸው፣ እንዲያው ምን ብዬ ነው የምጀምረው...