ስሙን ማን ለማን ተናገረው?

ጤና ይስጥልኝ፣ እንደምን ሰነበታችሁ? ዛሬ ስለ ሰው ስም ነው የማወራው፤ ከመንዝ እስከ ምንጃር፣ ከቡልጋ እስከ ይፋት በሰሜን ሸዋ ስለሚወጡ ስሞች። ሌላውንም ዓለም ጎራ እያልን እናያለን።

ብዙ ጊዜ የስም ትርጉም ሲጠየቅ መልሱ አንድ ቃል ነው። ታደሰ፣ አዲስ ሆነ። ካሳ፣ ካሳ። እኔ በዚህ አልረካም። የእኛ ስም አብዛኛው ዐረፍተ ነገር ነው፤ ተናጋሪ አለው፣ አድማጭ አለው፣ የተነገረበት ቀን አለው። እነዚህ ካልታወቁ መዝገበ ቃላት ብቻውን የትም አያደርስም።

ታደሰን ተመልከቱት። የታደሰው ማን ነው? ሕፃኑማ ገና መወለዱ ነው። የታደሰው ቤቱ ነው፣ ትዳሩ ነው፣ የወላጆቹ ተስፋ ነው። ዘነበና ዘነበችም እንዲሁ ናቸው፤ የዘነበው ዝናቡ እንጂ ልጁ አይደለም። ስለዚህ ስም ስትፈቱ መጀመሪያ የግሡን ባለቤት ፈልጉ። ቀጥሎ አድማጩን። ማንደፍሮ የሚለው ስም ለጎረቤት፣ ለባላጋራ የተወረወረ ቃል ነው፤ ልጁ እየተጠራ መልእክቱ አጥር ተሻግሮ ይሄዳል። ይርጋ ግን ጸሎት ነው፤ የሚሰማው እግዚአብሔር ነው። አንተነህ ሲባል ደግሞ ንግግሩ ፊት ለፊት ለልጁ ነው።

ሦስተኛው ጥያቄ ከልጁ በፊት ማን ነበር የሚለው ነው። ብዙ ሰው የሚዘለው ይህን ነው። ምትኩ፣ ካሳ፣ ካሳዬ፣ ማስረሻ፣ መታሰቢያ የሚሉ ስሞች ብዙውን ጊዜ ከኋላቸው የሞተ ሰው አለ፤ ታላቅ ወንድም ወይም እኅት፣ አንዳንዴም ልጁ ሳይወለድ ያረፈ አባት። ማስረሻን «የሚረሳ» ብሎ የተረጎመ ሰው ስሙን ገልብጦታል፤ ማስረሻ ሐዘን የሚያስረሳ ነው። ከሁሉ የሚከብደኝ ግን ቢተው ነው። ማን ቢተው? ሞት። ልጅ እየሞተባት የተቸገረች እናት ሞትን በስሙ ሳትጠራ፣ ዐረፍተ ነገሩንም ሳትጨርስ፣ ቢተውልኝ ትላለች። ያ ግማሽ ዐረፍተ ነገር የሰው መጠሪያ ሆኖ ሰባ ሰማንያ ዓመት ይኖራል።

ይህ ሐዘን የእኛ ብቻ አይደለም። በቱርክ ዱርሱን የሚባል የወንድ ስም አለ፤ «ይቆይ» ማለት ነው፣ ልጅ ባልበረከተበት ቤት የሚወጣ። በናይጄሪያ ዮሩባዎች ዘንድ ማሎሞ አለ፤ «ዳግመኛ አትሂድ» ማለት ነው። እነሱ ዘንድ የሚሞትና ተመልሶ የሚወለድ ልጅ አለ የሚል እምነት ስላለ ልመናው የሚቀርበው ለሕፃኑ ለራሱ ነው። ዱሮጃዬም «ቆይና ኑሮን ቅመስ» እያለ ያባብለዋል። ጭንቀቱ አንድ ሆኖ አድማጩ ይለያያል፤ ስምን ከባህል ባህል ስናነጻጽር መያዝ ያለብን ይህን ይመስለኛል።

ወደ ክርስትና ስም እንምጣ። ወንድ በ40፣ ሴት በ80 ቀን ትጠመቃለች። ስሙ ብዙ ጊዜ ቀኑን ተከትሎ ይወጣል፦ በ7 ሥላሴ፣ በ12 ሚካኤል፣ በ21 ማርያም፣ በ27 መድኃኔ ዓለም። በፊቱ ለወንድ ወልደ፣ ገብረ ወይም ኃይለ፣ ለሴት ወለተ ወይም አመተ ይገባል። በጋና አካኖች ኮፊ ሲሉ ዓርብ የተወለደ ማለታቸው ነው፤ የእነሱ ቀን ከሳምንቱ፣ የእኛ ከወሩ ይቆጠራል። የክርስትና ስም መንገድ ላይ አይጠራም። ለንስሐ፣ ለቁርባን፣ ለፍትሐት ነው። ክታብ ላይም ይገባል፤ በድሮ የብራና ክታቦች «ዕቀባ ለአመትከ» (አገልጋይህን ጠብቃት) ከሚለው ግእዝ ቀጥሎ ለስሙ ክፍት ቦታ ይተው ነበር፤ ባለቤቱ ሲቀየር ያ ቦታ ተፍቆ ሌላ ወለተ ሲጻፍበት ፍቆቱ በዓይን ይታያል። ሰው የክርስትና ስሙን የሚደብቀውም ስሙ በመጥፎ እጅ እንዳይገባ ፈርቶ ነው። ፍርሃቱ ይገባኛል፤ ነገር ግን ከቤተሰብ ሁሉ ሲደበቅ በፍትሐት ቀን ካህኑ ስሙን ሲጠይቁ መልስ የሚሰጥ ይጠፋል። እባካችሁ፣ የወላጆቻችሁን የክርስትና ስም በሕይወት ሳሉ ጠይቃችሁ ጻፉት።

ይፋት ወርዳችሁ በሙስሊሙ ቤት ብትጠይቁ ስም የሚወጣው በተለምዶ በሰባተኛው ቀን ነው፤ ለልጁ የሚታረደው በግ ወይም ፍየል፣ አቂቃ፣ ይታረዳል። ፋጢማ በሰው አፍ ፋጡማ ትሆናለች። ስሕተት ብላችሁ አታርሙት፤ ስሙ አገሩን ለምዶ ነው።

አሁን ስለሚያሳስት ነገር። አንጎለላ ላይ በ1836 ዓ.ም. የተወለዱት ዳግማዊ ምኒልክ ስማቸው «ምን ይልህ ሸዋ» ከሚለው መጣ ሲባል ትሰማላችሁ። ጨዋታው ያምራል፣ እኔም እወደዋለሁ። ነገር ግን ስሙ ከእሳቸው እጅግ ይቀድማል። በክብረ ነገሥት የሰሎሞን ልጅ፣ ቀዳማዊ ምኒልክ የምንለው፣ ባይነ ልሕክም ይባላል፤ ከዐረብኛ የመጣ፣ የጠቢብ ልጅ ማለት ነው። የዳግማዊ ምኒልክ የክርስትና ስም ሣህለ ማርያም፣ የፈረስ ስማቸው አባ ዳኘው ነበር። አንድ ሰው፣ ሦስት ስም፤ አንዱ ለዙፋን፣ አንዱ ለቤተ ክርስቲያን፣ አንዱ ለጦር ሜዳ።

ደብረ ብርሃን አጠገብ ጃቶ የተወለደው አበበ ቢቂላ ስሙ ከሁለት ቋንቋ ነው፤ አበበ አማርኛ፣ ቢቂላ ኦሮምኛ፣ ከመብቀል። አበባና ቡቃያ። ጳጉሜ 5 ቀን 1952 ዓ.ም. ሮም ላይ በባዶ እግሩ ሲያሸንፍ የውጭ ጋዜጦች ቢቂላ አሉት። እኛ ግን ሰውን በአባቱ ስም አንጠራም፤ አበበ ነው። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ የቤተሰብ ስም እንዲኖር ደንግጎ ነበር፤ ኑሮው አልተቀበለውም። አይስላንዶችም እንደኛ አብዛኞቹ በቤተሰብ ስም ፋንታ የወላጅን ስም ያስከትላሉ፤ የስልክ ማውጫቸውን ሳይቀር የሚደረድሩት በመጀመሪያ ስም ነው።

የውጭ ፎርም ስትሞሉ ችግሩ እዚህ ይጀምራል። ገብረ ማርያምን በላቲን ፊደል ለያይታችሁ ከጻፋችሁ ኮምፒውተሩ ገብረን ስም፣ ማርያምን የቤተሰብ ስም ያደርገዋል፤ «የማርያም አገልጋይ» የነበረው ሰው «የ... አገልጋይ» ሆኖ ይቀራል። አያይዛችሁ ጻፉት። አንድ የላቲን አጻጻፍ መርጣችሁ ከልደት ምስክር ወረቀት እስከ ፓስፖርት አትቀይሩት። እናት፣ አባትና ልጅ በእኛ አጠራር ሦስት የተለያየ የመጨረሻ ስም ስለሚኖራቸው ከልጅ ጋር ድንበር ስትሻገሩ የልደትና የጋብቻ ምስክር ወረቀት ያዙ። አዲስ ለተወለደ ልጅ ደግሞ ልደቱ በ90 ቀን ውስጥ መመዝገብ አለበት፤ የሴት ልጅ ክርስትና በ80 ቀን ስለሆነ ከዚያ በኋላ የሚቀረው 10 ቀን ብቻ ነው። መዝገብ የሚገባውን መጠሪያ ቀደም ብላችሁ ቁረጡ።