ዕለት የሌለው ቀን

እንደምን አላችሁ፣ አድማጮቼ። ዛሬ እንግዳ አልጋበዝኩም፤ ማይክሮፎኑና እኔ ብቻችንን ነን። የማወራችሁ በዓለም ካርታ ላይ ስለማይገኝ አገር የቀን አቆጣጠር ነው።

በራሴ ልጀምር። የተወለድኩት ጳጉሜን 6 ቀን 1979 ዓ.ም. ነው። ጳጉሜን ስድስት የምትሆነው በአራት ዓመት አንዴ፣ ዘመነ ሉቃስ ሲያበቃ ነውና ከዚያ ወዲህ ልደቴ የዋለው ዘጠኝ ጊዜ ብቻ ነው። ልጅ ሳለሁ ይህ ነገር ያስለቅሰኝ ነበር። እናቴ ግን «አንተ እኮ የዓመቱ ምርቃት ነህ» ትለኝ ነበር። ሽንኩርት ሻጯ መዝና ከጨረሰች በኋላ ጣል የምታደርጋት ዓይነት ምርቃት ማለቷ ነው።

ታዲያ ከዓመታት በኋላ የእንግሊዛዊውን ደራሲ የቶልኪንን «የቀለበቶቹ ጌታ» የተባለ ልብ ወለድ አነበብኩ። በ1955 እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር የታተመው የመጨረሻው ቅጽ አባሪዎች አሉት፤ አንዱ ስለ ቀን አቆጣጠር ብቻ ነው። ብዙ አንባቢ ይዘለዋል። እኔ ጦርነቱንም ቀለበቱንም ትቼ እዚያው ቀረሁ።

ሻየር በሚባለው የልብ ወለዱ አገር የሚኖሩት ሆቢቶች የተባሉ ትንንሽ ሰዎች ዓመታቸው አሥራ ሁለት ወር ነው፤ እያንዳንዱ ወር ሠላሳ ቀን። ይህን ሳነብ ብቻዬን ሳቅሁ። የተረፉትን አምስት ቀኖችስ ምን አደረጓቸው? እኛ መጨረሻ ላይ ሰብስበን ጳጉሜን አልናቸው። እነሱ ሁለቱን በክረምታቸው፣ በዓመቱ መውጫና መግቢያ ላይ አኖሩ፤ ሦስቱን በበጋቸው እኩሌታ ላይ። በአራት ዓመት አንዴ የምትመጣዋን ስድስተኛዋንም ከበጋዎቹ ጋር ደረቧት፤ ልዩ የፈንጠዝያ ቀን ናት። በቀለበቱ የመከራ ዓመታት አልዋለችም፤ ሰላም ወርዶ አዝመራው በተትረፈረፈበት ዓመት ግን መጣች፣ ድግሱም ታይቶ የማይታወቅ ሆነ። ደራሲው ይህን በአንዲት ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው የሚያልፈው። በዚያ ቀን የተወለደ ሆቢት ይኖር ይሆን ብዬ ብዙ አስቤአለሁ።

ሆቢቶቹ ግን በዚህ አላበቁም። አንድ ቀን በየዓመቱ ከዕለት ወደ ዕለት መንከራተቱ ሰለቻቸውና የዓመቱን እኩሌታ ቀንና ያቺን ስድስተኛዋን ከሳምንት ውስጥ አወጧቸው። ሰኞ አይደሉም፣ ማክሰኞ አይደሉም። የቀረው 364 ቀን ልክ 52 ሳምንት ስለሆነ ዓመቱ ሁልጊዜ ቅዳሜ ይገባል፣ ሁልጊዜ ዓርብ ይወጣል። ግድግዳ ላይ የተሰቀለ መቁጠሪያ አያረጅም። ወር ዓርብ ቀን የሚጠባበት ጊዜም የለም፤ ስለዚህ በሻየር «ዓርብ፣ ወር በገባ በአንደኛው ቀን» ማለት የማይመጣ ቀን ማለት ነው፣ መቀለጃ።

አያቴ ይህን ቢሰሙ ያዝኑ ነበር። ጳጉሜን በገባ ቁጥር አዲሱ ዓመት የሚገባበትን ዕለት ለማወቅ ጣታቸውን እያጠፉ ባሕረ ሐሳብ ያሰላሉ። ለ2018 እንዲህ ይሆናል፤ 5500 ዓመተ ፍዳ ሲደመርበት 7518፣ ይህ ለአራት ሲካፈል ቀሪው ተጥሎ 1879፣ የሁለቱ ድምሩ 9397። ለሰባት ሲካፈል ሦስት ይተርፋል። ከማክሰኞ ጀምሮ ሦስተኛው ሐሙስ ነው፤ መስከረም አንድ ሐሙስ ዋለ። ሆቢቶች ዘንድ ይህ ሙያ ሥራ ፈት ነው።

ነገሩ በልብ ወለድ ብቻ አልቀረም። በ1950ዎቹ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ዘንድ ተመሳሳይ ሐሳብ ቀርቦ ነበር፤ የዓመቱ የመጨረሻ ቀን ዕለት አልባ ይሁን የሚል። ሰንበትን የሚያከብሩ ሃይማኖቶች አጥብቀው ተቃወሙ፣ ሐሳቡም ከመደርደሪያ አልወረደም። አልፈርድባቸውም። የሻየር ዕለት የለሽ ቀን የምትውለው በዓርብና በቅዳሜ መካከል ነው። ዓርብን የጾመ ሰው በማግሥቱ ምን ይብላ? ቄስ ቢጠየቅ ምን ይመልሳል?

ከሁሉ በላይ ግን ራሴን አስባለሁ። በእነሱ ሕግ ቢሆን የተወለድኩበት ቀን ዕለት ባልነበረው ነበር። እናቴ ደግሞ ስለ ልደቴ ስታወራ ወርና ዓመተ ምሕረት አትጠራም። «ዓርብ ነበር» ብላ ነው የምትጀምረው። ዝናቡ አላባራ ብሎ ነበር አሉ። የጎረቤት ሴቶች እልል ብለው ገቡ፤ ዕለቱ ጾም ስለሆነ ግን ለእነሱ የቀረበው ቅቤ ያልነካው ገንፎ ነበር። አንዲቱ በቅቤ ወደተሞላው የእናቴ ሳህን እያየች «ይህ ልጅ አንድ ቀን ቢታገስ ምን ነበረበት» አለች ትላለች እናቴ፣ እስከ ዛሬ እየሳቀች።

የሚቀጥለው ልደቴ በ2019 ዓ.ም. ነው። በአያቴ ስሌት አሰላሁት፤ ቅዳሜ ይውላል።