ፍርዱ ሳይመጣ የተያዘ ወንበር

እሺ… ዛሬም ሕንድ ነን፣ የአዩርቬዳ (የአገሩ ባህላዊ ሕክምና) ኮሌጆቹና ፍርድ ቤቶቹ ዘንድ። «የአልጋ ቆጠራው አላለቀም ወይ?» የምትሉ እንዳላችሁ አውቃለሁ፤ የኮሌጁ ሆስፒታል ለተማሪው የሚበቃ አልጋ አለው ወይ የሚለውን ክርክር ማለታችሁ ነው። አላለቀም። ዓመቶቹም ወሮቹም በፈረንጆቹ ናቸው፤ ደግሞ ተምታታብን እንዳትሉኝ።

ያ የ2020 የፑንጃብ ጉዳይ አለ አይደል፣ የአዩርቬዳ ኮሌጆቹ ፌዴሬሽን ከመንግሥት የተሟገተበት። ደንቡ ገቢ ተማሪ በአገር አቀፉ ፈተና በኒት 50ኛ ፐርሰንታይል (ከተፈታኙ ግማሹን መብለጥ በሉት)፣ ኮታ የተያዘላቸው ወገኖች ደግሞ 40ኛ ያምጡ ይላል። ኮሌጆቹ ወንበር ባዶ ቀረብን ብለው ከሰሱ። ክርክሩ ገና ሳለ ከፍተኛው ፍርድ ቤት በጊዜያዊ ትእዛዝ ተማሪ ተቀበሉ አላቸው።

እሷ ትእዛዝ ናት የማትለቀኝ። እስቲ በዝግታ እንያት። ልጁ ይመዘገባል፣ ክፍያ ይከፍላል፣ ትምህርት ይጀምራል። ጥቅምት 15፣ 2019 የቅበላው ማብቂያ ያልፋል፤ ከዚያ ወዲያ ሌላ ኮሌጅ ልግባ ቢል በሩ ተዘግቷል። ፋይሉ ደልሂ ደርሶ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የፈረደው የካቲት ላይ ነው። የፈረደውም ለመንግሥት ነው፤ አዩርቬዳ የተማረውም በሽተኛ ያክማልና ዝቅተኛው ነጥብ አይነካም አለ። ግን… ከማብቂያው ቀን በፊት የገቡት ይቀጥሉ፣ ለአንድ ጊዜ ብቻ፣ ለሌላ መዝገብም አይጠቀስ።

እንግዲህ ማን ረታ? ሕጉን መንግሥት፣ ወንበሩን ኮሌጁ። ልጁን ከአምስት ዓመት ተኩል ትምህርት መሀል ጎትቶ ማውጣት ግፍ ነው፣ እሱ አይካድም። ግን ኮሌጁም ይህን ያውቃል እኮ! አውቆ ነው መጀመሪያ እግድ፣ ያቺን ጊዜያዊ ትእዛዝ፣ የሚጠይቀው። ወይስ እየፈረድኩባቸው ይሆን?

በ2013 እኮ ያው ጠቅላይ ፍርድ ቤት እንዲህ አልራራም። ተማሪ የመቀበል ፈቃድ የተነፈጋቸው ኮሌጆች ጉድለቱን አሟልተናል ሲሉት፣ መሟላቱን ባለሙያ ይይ እንጂ እኔ አልቆጥርም ብሎ መለሳቸው።

መቁጠር ካልን… (ይኸው፣ አልጋ መጣ።) በ2016ቱ ደንብ ለ60 ተማሪ 60 አልጋ፣ 30 መምህር፣ በቀን በአማካይ 120 ተመላላሽ ታካሚ ያስፈልግ ነበር። ከአልጋው ቢያንስ 40 ከመቶው በሽተኛ ይተኛበት ይል ነበር፣ 24 አልጋ ማለት ነው። አልጋ ይገዛል። በሽተኛ ግን ከየት ይገዛል? ስለዚህ መዝገብ ይሞላል፤ መምህሩም ስሙ ደመወዝ መክፈያው ላይ እንጂ ክፍል ውስጥ የለም። ዳኛ ፊት የሚቀርበው ያ ወረቀት ነው። ለዚህ ነው «አልጋችን ሞልቷል» ብሎ የሚከራከር ጠበቃ ብዙ የማይራመደው። ከፈቃድ ክልከላው በፊት ቀርባችሁ የመሰማት ዕድል ካልተሰጣችሁ ግን እሱን ያዙ፤ ሕጉ ራሱ ያዘዘው ሥርዓት ነው፣ ዳኛ አልጋ ሳይቆጥር ሊያየው ይችላል። ከአንድ ዳኛ ወደ ሁለት ዳኞች ችሎት፣ ከዚያ በልዩ ፈቃድ ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት። ይቺ የመጨረሻዋ እንደ እኛ ሰበር ናት በሉ፤ ስለጠየቃችሁ ብቻ በሩ አይከፈትም።

በ2022 ደግሞ የካርናታካ ግዛቱ ኮሌጅ ጉዳይ መጣ። ለሚቀጥለው ዓመት የተሰጠ ፈቃድ ያለፈውን ዓመት አያድንም ተባለ። ጥሩ፣ ግልጽ ነው። ግን ባለፈው ዓመት በትእዛዝ የገባ ልጅ ካለ…

አሁን በአዲሱ ሕግ ፈቃድ የተከለከለ ኮሌጅ ይግባኙ መጀመሪያ የባህላዊ ሕክምና ትምህርቱን ለሚቆጣጠረው ኮሚሽን፣ ቀጥሎ ለማዕከላዊው መንግሥት ነው። እግዱን ይቀንሰዋል ብዬ ነበር። የቅበላው ቀን ግን ይግባኝ አይጠብቅም፤ ሁለቱን ደጅ ጠንተው ሲጨርሱ ቀኑ ደርሶባቸው እንደገና እዚያው ከፍተኛው ፍርድ ቤት፣ እንደገና እግድ… ወይም ደግሞ ቀኑን ራሱን ቢያዘገዩት፣ ያኔ እኮ ዘግይቶ የገባው ትምህርቱን በምን… እንጃ፣ እሱ ራሱ ሌላ ጣጣ ነው፣ ምክንያቱም በ2013ቱ ላይ ያሉት…