ኤል ሳልቫዶር፦ ኢንዲጎ፣ ቡና እና በቆሎ

[ምስል፦ የመካከለኛው አሜሪካ ካርታ፤ ኤል ሳልቫዶር በቀለም ተለይታ]

በመካከለኛው አሜሪካ ካሉት ሰባት አገሮች በቆዳ ስፋት ትንሿ ኤል ሳልቫዶር ናት። ስፋቷ 21 ሺህ ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ሲሆን፣ ሕዝቧ ከ6 ሚሊዮን ይበልጣል። ከሰባቱ የካሪቢያን ባሕር ጠረፍ የሌላትም እሷ ብቻ ናት።

ዛሬ በዜና የምትነሳው በወሮበላ ቡድኖች፣ በእስር ቤቶቿ እና በቢትኮይን ነው። ከዚህ ሁሉ ሥር ግን አምስት መቶ ዓመት ያስቆጠረ አንድ ጥያቄ አለ፦ መሬቱ የማን ነው? ጥያቄውን ለመከተል ሦስት ተክሎች ይበቁናል። የምንጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

[ምስል፦ የእሳተ ገሞራ ተራሮች፣ ከበላይ የተቀረጸ]

ስፔናዊው ፔድሮ ዴ አልቫራዶ በ1524 ከጓቲማላ ተነሥቶ ወደዚህ ምድር ሲገባ፣ ናዋት የሚባለውን ቋንቋ የሚናገሩት ፒፒሎች ጠበቁት። ዋና ግዛታቸው ኩስካትላን ይባል ነበር። በአካሁትላ በተደረገው ውጊያ አልቫራዶ እግሩን በቀስት ተመትቶ ዕድሜውን ሙሉ ሲያነክስ ኖረ። ፒፒሎችን ለማስገበር ግን ስፔኖች ደጋግመው ዘመቱ፣ በመጨረሻም ተሳካላቸው። ያገኙት አገር እንደ ፔሩ ወርቅና ብር የሞላበት ስላልነበረ፣ ሀብት የሚወጣው ከአፈሩና ከገበሬው ጉልበት ብቻ ነበር። መጀመሪያ ኢሳልኮ አካባቢ የሚበቅለው ካካዎ ተሸጠ። ቀጥሎ ኢንዲጎ መጣ።

[ርዕስ በስክሪን፦ ሰማያዊው ቀለም]

ኢንዲጎ ጨርቅ የሚነከርበት ሰማያዊ ቀለም ነው። ተክሉ እዚያው አገር ሺኪሊቴ ይባላል፤ ትንንሽ ቅጠሎች ያሉት ቁጥቋጦ ነው። ቅጠሉ አረንጓዴ ነው፤ ቢጨመቅም ሰማያዊ አይወጣውም። ቀለሙ የሚፈጠረው በሦስት ገንዳዎች ውስጥ በሚካሄድ ሥራ ነው፤ ሥራውም ለስሕተት ቦታ የለውም።

የተቆረጠው ቅርንጫፍ በዚያው ቀን ላይኛው ገንዳ ውስጥ ይደረደራል። እንዳይንሳፈፍ ግንድ ይጫንበትና ውኃ ይሞላበታል። ከዚያ ግማሽ ቀን ወይም ትንሽ በላይ ይቦካል፤ ሙቀቱ ከፍ ካለ ቶሎ ይደርሳል። ውኃው ወደ ቢጫማ አረንጓዴ ሲለወጥና አረፋ ሲያወጣ ወደ ሁለተኛው ገንዳ ይለቀቃል። እዚህ ሠራተኞች በመቅዘፊያ ወይም በመንኮራኩር ለሰዓታት ይመቱታል። መምታቱ ለማደባለቅ ብቻ አይደለም፤ አየር ለማስገባት ነው። ከቅጠሉ ወደ ውኃው የወጣው ቀለም አልባ ንጥረ ነገር ከኦክስጅን ጋር ሲገናኝ ነው ሰማያዊ የሚሆነው፤ ያን ጊዜ በውኃ ስለማይሟሟ እንደ ደቃቅ ዱቄት ወደ ታች መዝቀጥ ይጀምራል። በሦስተኛው ደረጃ ከላይ የጠለለው ውኃ ይደፋል፣ ዝቃጩ በጨርቅ ይጠለላል፣ ተቆራርጦም ይደርቃል። ከመቶ ኪሎ ቅጠል የሚገኘው ደረቅ ቀለም አንድ ኪሎ እንኳ አይሞላም።

የሚበላሸው በሁለት ቦታ ነው። መቦካቱ ካነሰ ቀለሙ ቅጠሉ ውስጥ ይቀራል፤ ከበዛ ደግሞ ይበሰብስና ቀለሙ ደብዛዛ ይሆናል። መምታቱ ካነሰም ቀለሙ ገና ሳይዘቅጥ ከውኃው ጋር ይደፋል፤ ከልክ ካለፈ ደቃቁ እንደገና ተበትኖ አልረጋ ይላል። ስለዚህ እያንዳንዱ ማምረቻ "ፑንቴሮ" የሚባል ባለሙያ ነበረው። ሥራው በየጊዜው ትንሽ ውኃ በነጭ ሳሕን እየቀዳ ማየትና "አሁን ይብቃ" ማለት ነበር። የአንድ ወቅት ትርፍ በዚህ ሰው ዓይን ላይ የተመሠረተ ነበር ቢባል ማጋነን አይሆንም።

[ምስል፦ የድሮ የድንጋይ ገንዳዎች ፍርስራሽ]

ማምረቻው ዙሪያ ግን ሕይወት ከባድ ነበር። ከገንዳው የወጣው ቅጠል ተከምሮ ሲበሰብስ ዝንብና ጠረን ያመጣል፤ ሠራተኛው ቀኑን ሙሉ እርጥበት ውስጥ ይቆማል። የነባሩ ሕዝብ ሞት ስለበዛ የስፔን ዘውድ በ16ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ ነባሮችን በኢንዲጎ ማምረቻ ማሠራትን ከለከለ። ባለ ማምረቻዎቹ ቅጣቱን እየከፈሉ ማሠራታቸውን ቀጠሉ፤ ቅጣቱ ከትርፉ አንጻር ትንሽ ስለነበር ክልከላው ከወረቀት አላለፈም።

አገሪቱ መስከረም 15 ቀን 1821 ከስፔን ነጻ ስትወጣም የኢንዲጎ ሠራተኛው ኑሮ አልተለወጠም። በ1833 አናስታሲዮ አኪኖ የሚባል የኢንዲጎ ሠራተኛ የኖኑዋልኮ ነባር ሕዝብን አስነሥቶ ሳን ቪሴንቴ ከተማን ያዘ። በሐምሌ ወር ተገደለ። የኢንዲጎው ዘመን ያበቃው ግን በዓመፅ አይደለም። በ1897 የጀርመን ኩባንያ ቢ.ኤ.ኤስ.ኤፍ. በፋብሪካ የተሠራ ኢንዲጎ ለገበያ አወጣ፤ የተፈጥሮው ዋጋ ወደቀ። ያን ጊዜ ግን የኤል ሳልቫዶር ባለ ሀብቶች ፊታቸውን ወደ ሌላ ተክል ካዞሩ ቆይተዋል።

[ርዕስ በስክሪን፦ ቡና]

ቡናው ከእኛ አገር የሄደ ነው። የአረቢካ ቡና ከኢትዮጵያ ወደ የመን ተሻገረ፤ ከየመን ፈረንሳዮች ዛሬ ሬዩኒየን ወደምትባለው ደሴት ወሰዱት። ደሴቲቱ ያን ጊዜ ቡርቦን ስለምትባል ዝርያውም ቡርቦን ተባለ። ኤል ሳልቫዶር ተራሮቿን የሸፈነችው በዋናነት በዚህ ዝርያ ነው።

ኢንዲጎ ቆላ ይወዳል፤ ቡና ግን የተራራ ወገብ ይፈልጋል። በኤል ሳልቫዶር ያ የተራራ ወገብ ባዶ አልነበረም፤ በተለይ በምዕራቡ ክፍል የነባሩ ሕዝብ መንደሮች የወል መሬት ነበር። በ1881 እና በ1882 በፕሬዚዳንት ራፋኤል ሳልዲቫር ዘመን ሁለት ሕጎች ወጡ፤ የመንደርና የማዘጋጃ ቤት የወል ይዞታ ቀረ፣ መሬት የግል ብቻ ሆነ። ሕጉ ላይ ገበሬው ድርሻውን በስሙ ማስመዝገብ ይችላል ተብሏል። በተግባር ግን ምዝገባው ገንዘብ፣ ጽሕፈትና የጊዜ ገደብ ነበረው። ቡና ደግሞ ከተተከለ በኋላ ፍሬ እስኪሰጥ ሦስት አራት ዓመት ይፈጃል፤ ያን ያህል ሳይሸጥ መቆየት የሚችለው ብድር የሚያገኝ ሰው ብቻ ነው። ብዙ ገበሬ በአንድ ትውልድ ውስጥ ከባለ መሬትነት ወደ ጪሰኝነትና ወደ ቡና ለቃሚነት ወረደ። በ1920ዎቹ ማብቂያ ከአገሪቱ የውጭ ንግድ ገቢ ከመቶ 90 ያህሉ ቡና ነበር፤ እሱም በጥቂት ቤተሰቦች እጅ።

በ1929 የዓለም ገበያ ሲናጋ የቡና ዋጋ ወደቀ። የለቃሚው ምንዳ ተቆረጠ፤ አንዳንድ ባለ እርሻዎች ከነጭራሹ ለቀማውን ተዉት። በታኅሣሥ 1931 ጄኔራል ማክሲሚሊያኖ ኤርናንዴስ ማርቲኔስ በመፈንቅለ መንግሥት ሥልጣን ያዘ። ጥር 22 ቀን 1932 ሌሊት፣ የኢሳልኮ እሳተ ገሞራ እየነደደ ሳለ፣ የምዕራቡ ገበሬዎች አብዛኞቹ ቆንጨራ ብቻ ይዘው ተነሡ። ኢሳልኮን፣ ናዊሳልኮን፣ ሁዋዩዋን ለጥቂት ቀናት ያዙ።

ዓመፀኞቹ የገደሉት ሰው ከመቶ ገደማ አይበልጥም። ሠራዊቱ በአጸፋው የገደለው፣ እንደ ግምቶቹ፣ ከ10 ሺህ እስከ 30 ሺህ ይደርሳል። ኮሚኒስቱ ፋራቡንዶ ማርቲ ተረሸነ፤ የኢሳልኮው የነባር ሕዝብ መሪ ፌሊሲያኖ አማ ተሰቀለ። ከዚያ በኋላ በባህል ልብስ መታየትና በአደባባይ ናዋት መናገር ራስን ለሞት ማጋለጥ ሆነ። እናቶች ለልጆቻቸው ቋንቋውን ማስተማር አቆሙ። ዛሬ ናዋትን ከልጅነቱ የሚናገረው ጥቂት አዛውንት ብቻ ነው። ከ2010 ጀምሮ በሳንቶ ዶሚንጎ ዴ ጉስማን አያቶች ለሕፃናት የሚያስተምሩበት መዋዕለ ሕፃናት ተከፍቷል።

ስለ ቡናው አንድ ነገር እንጨምር። በ1949 በሳንታ አና አካባቢ ከቡርቦን መካከል በተፈጥሮ ያጠረ ተክል ተገኘ፤ በእርሻው ባለቤቶች ስም ፓካስ ተባለ። ተመራማሪዎች ይህን ፍሬው ትልቅ ከሆነው ማራጎጂፔ ጋር አዳቅለው ፓካማራን አወጡ። ጣዕሙ የተወደደ ነው፤ ችግሩ ከዘሩ የሚበቅለው ሁሉ አንድ ዓይነት አለመሆኑ ነው፣ ስለዚህ ችግኙ ሲፈላ እየመረጡ መንቀል ያስፈልጋል። ቡርቦን፣ ፓካስ፣ ፓካማራ ሦስቱም የቡና ቅጠል ዋግን መቋቋም አይችሉም። በ2012 ዋጉ ሲዛመት በሁለት ዓመት ውስጥ የአገሪቱ ምርት ከግማሽ በላይ ወረደ።

[ርዕስ በስክሪን፦ ከመሬት ወደ ጦርነት]

መሬት ያጣው ሰው ወደ ጎረቤት ሆንዱራስ ተሰደደ፤ በ1960ዎቹ መጨረሻ 300 ሺህ ያህል ሳልቫዶራውያን እዚያ ይኖሩ ነበር። ሆንዱራስ በመሬት ሕጓ እያስወጣች ስትመልሳቸው ግንኙነቱ ተካረረ፤ ሐምሌ 1969 ለአራት ቀናት ተዋጉ። ለዓለም ዋንጫ ማጣሪያ የተደረጉት ጨዋታዎች ቁጣውን አጋጋሉት እንጂ አልወለዱትም።

በመጋቢት 1980 መንግሥት የመሬት ሥሪት ለውጥ አወጀ። ከ500 ሄክታር በላይ የሆኑ እርሻዎች ተወረሱ፤ በሚያዝያ ደግሞ "መሬት ላራሹ" በሚል ስም ተከራይ ገበሬ የሚያርሰውን እንዲይዝ ተወሰነ። ከ150 እስከ 500 ሄክታር ያሉትን የሚነካው ክፍል ግን አልተፈጸመም፤ የቡናው ዋና ሀብት የነበረው ደግሞ እዚያ ውስጥ ነው። ለውጡ የታወጀው ከወታደራዊ አፈና ጋር አብሮ ነበር። መጋቢት 24 ቀን 1980 ሊቀ ጳጳስ ኦስካር ሮሜሮ በሳን ሳልቫዶር በሆስፒታል ጸሎት ቤት ቅዳሴ ላይ ሳሉ በጥይት ተገደሉ። በታኅሣሥ 1981 በኤል ሞሶቴና በአካባቢው መንደሮች ሠራዊቱ አንድ ሺህ ገደማ ሰላማዊ ሰዎችን ፈጀ፤ ብዙዎቹ ሕፃናት ነበሩ። በመንግሥትና በግራ ዘመም ሽምቅ ተዋጊዎች መካከል የተካሄደው የእርስ በርስ ጦርነት ጥር 16 ቀን 1992 በሜክሲኮ በተፈረመው ስምምነት ሲያበቃ 75 ሺህ ያህል ሰው አልቆ ነበር። ሮሜሮ በ2018 በካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ቅዱስ ተብለዋል።

ከጦርነቱ የሸሸው ሕዝብ ሎስ አንጀለስና ዋሽንግተን ዲሲ ገባ። በሎስ አንጀለስ ሰፈሮች የተፈጠሩት ቡድኖች አባሎቻቸው ወደ አገር ሲጋዙ አብረው መጡ። ከመጋቢት 2022 ጀምሮ በአስቸኳይ ጊዜ ሕግ ከ80 ሺህ በላይ ሰው ታስሯል፤ ግድያ በእጅጉ ቀንሷል፣ ያለ ማስረጃ የታሰሩና በእስር ቤት የሞቱም አሉ። ሁለቱንም አንድ ላይ ሳያነሱ ስለዚህች አገር መናገር ትክክል አይደለም።

[ርዕስ በስክሪን፦ በቆሎ]

በ1976 ለእህል ጎተራ ቦታ ሲደለደል ቡልዶዘር የሸክላ ወለል ገለጠ። ሆያ ዴ ሴሬን ነበር፤ በ600 ዓ.ም. ገደማ በእሳተ ገሞራ አመድ የተቀበረ የገበሬ መንደር። በአመዱ ሥር የበቆሎ ማሳው ትልም ከነአገዳው ቅርጽ ተገኝቷል፤ የካሳቫ መደብ፣ ቦሎቄ፣ የእንፋሎት መታጠቢያ ቤትም አለ። የሰው አስከሬን አልተገኘም፤ ነዋሪዎቹ ማምለጣቸው ይገመታል። ኢንዲጎና ቡና ለውጭ ገበያ ሲመረቱ የሠራተኛውን ሆድ የያዘው ያው በቆሎ ነው። ዛሬ ፑፑሳ፣ ማለትም መሐሉ ቦሎቄና አይብ የገባበት ወፍራም ቂጣ፣ አድርገው ይበሉታል፤ በየዓመቱ የኅዳር ሁለተኛ እሑድ ብሔራዊ ቀኑ ነው።

[ምስል፦ እጆች ሊጥ ሲያድበለብሉ]

ፑፑሳ በተራ የበቆሎ ዱቄት አይሠራም፤ ሊጡ ይፈረፈራል። በቆሎው አስቀድሞ በኖራ መቀቀል አለበት። ለ1 ኪሎ ደረቅ በቆሎ 3 ሊትር ውኃና 10 ግራም ለምግብ የተዘጋጀ ኖራ፤ የግንባታ ኖራ ፈጽሞ አይሆንም። 40 ደቂቃ ያህል በለሰለሰ እሳት ይቀቀልና በዚያው ውኃ ያድራል። ጠዋት ገለፈቱ በእጅ ታሽቶ ይታጠባል፣ ከዚያ ይፈጫል። ኖራው ገለፈቱን ያላቅቃል፣ ሊጡ እንዲያያዝ ያደርጋል፤ በቆሎ ውስጥ ታስሮ የሚኖረውን ናያሲን የተባለ ቫይታሚንም ለሰውነት ይለቃል። ይህ ሁሉ ካሰለቸ በላቲን ሱቆች "ማሳ" ተብሎ የሚሸጠውን ዱቄት መግዛት ይቻላል።

ለስምንት ፑፑሳ 250 ግራም የማሳ ዱቄት፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ 400 ሚሊ ሊትር ያህል ለብ ያለ ውኃ። ተቦክቶ 10 ደቂቃ ይረፍ። የእንቁላል ያህል ይድበልበል፣ መሐሉ በአውራ ጣት ይጎድጉድ፣ አንድ ማንኪያ የተፈጨ ቀይ ቦሎቄና አይብ ይግባበት፣ ይዘጋ። በዘይት በተቀባ መዳፍ እየተጨበጨበ የ1 ሴንቲ ሜትር ውፍረት ይያዝ። በጋለ ምጣድ እያንዳንዱ ጎን ከ3 እስከ 4 ደቂቃ። ጠርዙ ከተሰነጠቀ ሊጡ ደርቋል፤ እጅ ላይ ከተጣበቀ ውኃው በዝቷል። መሐሉ ከፈሰሰ ቦሎቄው ቀጥኗል ወይም ሳይቀዘቅዝ ገብቷል። አይቡ የሚለጠጥ ዓይነት ይሁን፤ የእኛ አይብ አይቀልጥም።

ከጎኑ የሚቀርበው ኩርቲዶ ነው፦ ግማሽ ኪሎ በቀጭኑ የተከተፈ ጥቅል ጎመን፣ አንድ ካሮት፣ ግማሽ ሽንኩርት፣ 120 ሚሊ ሊትር ኮምጣጤ፣ ጨውና ኦሬጋኖ። ጎመኑ የፈላ ውኃ ለአንድ ደቂቃ ብቻ ይለፍበት፤ ከቆየ ይላሽቃል። ማደር አለበት።

ዲሲ፣ ሲልቨር ስፕሪንግና አሌክሳንድሪያ የሚኖር ኢትዮጵያዊ ፑፑሳ ቤት ፍለጋ ሩቅ አይሄድም፤ ሁለቱ ማኅበረሰቦች በዲሲው አዳምስ ሞርጋን ሰፈር ጎን ለጎን ሱቅ ከከፈቱ አሥርተ ዓመታት አልፈዋል። "ሬቡዌልታ" የሚባለው የአሳማ ሥጋ፣ ቦሎቄና አይብ ድብልቅ ነው። ጾመኛ "ሶሎ ፍሪሆሌስ"፣ ቦሎቄ ብቻ፣ ብሎ ያዝዝ። ግን ቦሎቄው በብዙ ቤቶች የሚጠበሰው በአሳማ ስብ ስለሆነ፣ "ማንቴካ አለው?" ብሎ አስቀድሞ መጠየቅ ያስፈልጋል።