የብሩስ ቤት፦ ጋሻው፣ ስሙና ጎንደር የደረሰው ሰው

የዛሬው የአድማጮች ጥያቄና መልስ ስለ ስኮትላንዱ የብሩስ ጎሳ ነው። ስለ ታሪኩና ስለ አርማው የደወላችሁልንን ጥያቄዎች የታሪክ ባለሙያችን መልሰዋቸዋል። ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ከጎንደር የደወሉ አባት፦ እንደምን ዋላችሁ። በኢትዮጵያ ታሪክ ላይ ስሙ የሚነሳው ጄምስ ብሩስ የስኮትላንዱ ንጉሥ የሮበርት ብሩስ ዘር ነው ሲሉ እሰማለሁ። እውነት ነው ወይ?

መልስ፦ እግዚአብሔር ይመስገን አባቴ። ይህ ጥያቄ በጣም ደስ ይለኛል፤ የስኮትላንድ ጎሳ እንዴት እንደተሠራ ከዚህ የተሻለ ማሳያ አላውቅም።

ጄምስ ብሩስ የዓባይን ምንጭ ፍለጋ የመጣ ስኮትላንዳዊ ተጓዥ ነው፤ ጎንደር የገባው በ1770 መጀመሪያ ላይ ነው። ሰው ያዕቆብ እያለ ይጠራው እንደነበር ራሱ ጽፏል። የተወለደው በ1730 ኪኔርድ በሚባል የቤተሰቡ ርስት ነው። ቦታው ላርበርት አጠገብ፣ ከስተርሊንግ ከተማ ብዙም ሳይርቅ ይገኛል። ርስቱ ከድሮም የብሩሶች ነበር። አንድ ትውልድ ላይ ግን ወራሽ ሆና የተገኘችው ሴት ነበረች፤ ሄለን ብሩስ ትባላለች። እሷን ያገባው ዴቪድ ሄይ የሚባል ሰው ነው። ርስቱና ስሙ እንዳይለያዩ ባልየው የራሱን ስም ትቶ የሚስቱን ያዘ። ልጆቻቸውም ብሩስ ተባሉ። ጎንደር የመጣው ጄምስ የእነሱ የልጅ ልጅ ነው።

እንግዲህ በአባት በኩል ከቆጠርን ጄምስ ሄይ ነው። በአያቱ በሄለን ከቆጠርን ብሩስ ነው። እርስዎ ይህ አይገርምዎትም፤ ጎንደርም ጎጃምም ርስት በእናትም በአባትም ይቆጠር ነበር።

ወደ ንጉሡ ስንመጣ፣ የኪኔርድ ብሩሶች የወጡት ኤርዝ ከሚባለው ቦታ ብሩሶች ነው። የኤርዞቹ ደግሞ ከክላክማናን ብሩሶች። የንጉሡ ልጅ ዳቪድ 2ኛ በ1359 ክላክማናንን ለአንድ ሮበርት ብሩስ ሲሰጥ፣ በሰነዱ ላይ ሰውየውን ዘመዴ ብሎታል። የአጎት ልጅ ይሁን ሌላ፣ ሰነዱ አይናገርም። ስለዚህ በዚህ መስመር የንጉሡ ዘመድ ነው ብንል ያስኬዳል። ከንጉሡ አብራክ የወጣ ነው የሚሉትን ግን አልቀበልም።

ከአዲስ አበባ የደወለ ወጣት፦ ብሩሶች ከፈረንሳይ የመጡ ናቸው የሚል አንብቤያለሁ። ታዲያ እንዴት ነው የስኮትላንድ ነፃነት ጀግና የሆኑት?

መልስ፦ ልክ አንብበሃል። ስሙ የመጣው ኖርማንዲ ውስጥ ካለች ብሪ ከምትባል ቦታ ነው። መጀመሪያ እንግሊዝ ገቡ። ከዚያ የስኮትላንዱ ንጉሥ ዳቪድ 1ኛ በ1124 ገደማ በደቡብ ድንበር ላይ ያለውን አናንዴልን ለሮበርት ደ ብሩስ ሰጠው። ብዙ ሰው የስኮትላንድ ጎሳ ሲባል ከደጋው ተራራ የፈለቀ የአንድ አባት ልጆች ስብስብ ይመስለዋል። ብሩሶች ግን እንደዚያ አይደሉም። መሬት ተሰጥቷቸው፣ ከአገሬው ጋር ተጋብተው አገሬው የሆኑ ናቸው።

ጋብቻውን ቀለል አድርገህ እንዳታየው። እኔ የብሩስን ታሪክ ሳስተምር ሁልጊዜ ከሴቶቹ ነው የምጀምረው። ያለ እነሱ ታሪኩ አይቆምም።

ብሩሶች ዙፋኑ ይገባናል ያሉት በአንዲት ሴት በኩል ነው፤ ኢዛቤላ ትባላለች። የስኮትላንድ ነገሥታት የወንድም ልጅ ነበረች፤ ለአንድ ብሩስ ተዳረች። በ1290 አልጋው ወራሽ ሲያጣ ልጇ የእናቱን ዘር ቆጥሮ ተሟገተ። የእንግሊዙ ኤድዋርድ 1ኛ ግን በ1292 ለጆን ባሊዮል ፈረደ። የተሟጋቹ ልጅ የካሪክን ግዛት እመቤት ማርጆሪን አገባ። እሷ ናት ወጣቱን ይዛ ካላገባኸኝ አልለቅህም ያለችው ተብሎ ይተረካል። ከዚህ ጋብቻ በ1274 ሮበርት ተወለደ፤ ኋላ ንጉሥ የሆነው እሱ ነው።

ሮበርት በየካቲት 1306 ተቀናቃኙን ጆን ኮሚንን ዳምፍሪስ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ገደለ። ከስድስት ሳምንት በኋላ ስኮን ላይ ነገሠ። የስኮትላንድን ንጉሥ ዙፋን ላይ የማስቀመጥ መብት የፋይፍ ባላባቶች ነበር። ባላባቱ ልጅ ነበር፤ በእንግሊዞች እጅም ነበር። ስለዚህ ከዚያ ቤት የመጣችው ኢዛቤላ፣ የበከን ግዛት እመቤት ናት። ባሏ የኮሚን ወገን ነበር። ባሏን ትታ መጥታ አነገሠችው።

በዚያው ዓመት የንጉሡ ቤተሰብ በእንግሊዞች እጅ ወደቀ። ኢዛቤላን በርዊክ ላይ በእንጨትና በብረት በተሠራ ቀፎ ውስጥ አስገብተው ለአራት ዓመት አሰሯት። የንጉሡን እህት ሜሪንም ሮክስበርግ ላይ እንዲሁ አደረጓት። ለንጉሡ ልጅ ለትንሿ ማርጆሪም ቀፎ ታዞ ነበር፤ ትእዛዙ ተሻረና ወደ ገዳም ተላከች። ንግሥቲቱ፣ ማርጆሪና ሜሪ የተፈቱት ሮበርት በ1314 ባኖክበርን ላይ እንግሊዞችን ድል ካደረገ በኋላ ነው። ስለ ባኖክበርን ሲወራ ንጉሡ እንግሊዛዊውን ባላባት የገደለበት መጥረቢያ ይነሳል። የእነዚህ ሴቶች ዋጋ ግን እምብዛም አይነሳም፤ ያ ደግሞ ያስቆጨኛል።

ማርጆሪ ዋልተር ስቱዋርትን አገባች። በ1371 ዳቪድ 2ኛ ያለ ልጅ ሲሞት የነገሠው የማርጆሪ ልጅ ነው። የስቱዋርት ነገሥታት በሙሉ ከእሷ ይወርዳሉ።

ከኤዲንብራ የደወለች እህት፦ የባለቤቴ የቤተሰብ ስም ብሩስ ነው። ለልደቱ የብሩስ ጋሻ የተቀረጸበት ቀለበት ላሠራለት አስቤ ነበር። ኢንተርኔት ላይ የብሩስ ቤተሰብ አርማ እያሉ ይሸጡታል። ይቻላል?

መልስ፦ እህቴ፣ ገንዘብሽን ሳታወጪ መጠየቅሽ ጥሩ ነው። ጋሻውን እንዳታስቀርጪ።

መጀመሪያ ጋሻውን ልንገርሽ። መደቡ ወርቃማ ነው። በላዩ ላይ ቀይ የኤክስ ቅርጽ መስቀል አለ። የጋሻው የላይኛው ክፍል ደግሞ ሙሉ በሙሉ ቀይ ነው። ከስኮትላንድ ባንዲራ ጋር አታምታቺው፤ እሱ ሰማያዊ ላይ ነጭ ነው። ይህ ጋሻ የአናንዴል ጌቶች የነበሩት የብሩሶች ነው። አናንዴልና አካባቢው ያሉት ጆንስተኖች፣ ጃርዲኖችና ከርክፓትሪኮችም ያንኑ መስቀልና ያንኑ የላይ ክፍል ይይዛሉ፤ ቀለሙንና ሌላውን ምልክት ብቻ ለውጠዋል። የጌታቸውን አርማ ለወጥ አድርገው የያዙ ሰዎች ናቸው። ጋሻ ማንበብ የሚችል ሰው ማን ለማን እንዳደረ ከዚያ ያነባል። ከርክፓትሪኮች ከጋሻቸው በላይ ያለው ምልክት ደግሞ ደም የሚያንጠባጥብ ጩቤ የያዘ እጅ ነው። በአፈ ታሪኩ መሠረት ኮሚንን ዳምፍሪስ ላይ የጨረሰው የእነሱ ሰው ነው።

አሁን ወደ ሕጉ። ስኮትላንድ ውስጥ የቤተሰብ አርማ የሚባል ነገር የለም። ጋሻ የአንድ ሰው ንብረት ነው። ልጅ እንኳ አባቱ በሕይወት እያለ ያለ ለውጥ አይጠቀምበትም። ታናናሾቹ ዳር ላይ ጠርዝ ይጨምራሉ ወይም ቀለም ይለውጣሉ። ይህን የሚቆጣጠረው እዚያው አንቺ ከተማ ያለው የሎርድ ላየን ፍርድ ቤት ነው። ስሙ ብቻ አይደለም፤ ዐቃቤ ሕግ ያለው እውነተኛ ፍርድ ቤት ነው። በ1672 በወጣ ሕግ አርማዎች ሁሉ በአንድ መዝገብ እንዲሰፍሩ ተደርጓል፤ ያ መዝገብ እስከ ዛሬ ይሠራል።

ባለቤትሽ ያለ ችግር የሚጠቀምበት ግን አለ። የጎሳው መሪ የኤልጊን ኧርል ነው፤ ኧርል የመኳንንት ማዕረግ ነው። ከጋሻው በላይ ያለው ምልክቱ ጅራቱን ዘርግቶ የቆመ ሰማያዊ አንበሳ ነው። ያ አንበሳ ዘለበት ባለው ቀበቶ ተከብቦ፣ ቀበቶው ላይ ነበርን የሚለው የላቲን መሪ ቃል፣ ማለትም ፉይሙስ፣ ሲጻፍበት የአባላት ባጅ ይሆናል። ያን ባጅ ማንኛውም የጎሳው አባል ያደርገዋል፤ ትርጉሙም የመሪው ተከታይ ነኝ ማለት ነው። ኮፍያው ላይ ላባ ግን አይጨምር። ሦስት የንስር ላባ የመሪው ነው፣ ሁለት የቅርንጫፍ አለቆች፣ አንድ ደግሞ በስሙ የተመዘገበ አርማ ያለው ሰው። ባለቤትሽ የራሱን ጋሻ ከፈለገ ለሎርድ ላየን ያመልክት። ከተፈቀደለት ቀለበቱን ያኔ አሠሪለት።

ከሐዋሳ የደወለ አድማጭ፦ የንጉሡ ልብ ከሥጋው ተለይቶ ተቀበረ የሚባለውስ?

መልስ፦ እውነት ነው። ሮበርት በ1329 ሲሞት ልቡ ወጥቶ ወደ ቅድስት አገር እንዲወሰድ ተናዞ ነበር። ይዞት የሄደው ጄምስ ዳግላስ በ1330 ስፔን ውስጥ ቴባ ላይ ከሙሮች፣ ማለትም ከዚያ ዘመን የስፔን ሙስሊሞች ጋር ሲዋጋ ሞተ። ልቡ ተመልሶ ሜልሮዝ ገዳም ተቀበረ። የዳግላሶች ጋሻ ላይ ቀይ ልብ ያለው በዚህ ምክንያት ነው።

ከለንደን የደወሉ እናት፦ ክረምት ላይ ልጆቼን ይዤ ስኮትላንድ ልሄድ ነው። የኛንም ታሪክ የሚነካ ነገር እንዲያዩ እፈልጋለሁ። የት ልጀምር?

መልስ፦ እሰይ! ደንፈርምሊን ይጀምሩ እናቴ። የንጉሡ አፅም ያለው እዚያ ገዳም ነው፤ በ1818 ተገኘና በ1819 በአዲስ መልክ ተቀበረ። የቤተ ክርስቲያኑ ግንብ አናት ላይ ስሙ በትልልቅ የድንጋይ ፊደላት ዙሪያውን ተሠርቷል፤ ልጆች ፊደሉን እየቆጠሩ ያነቡታል። ከዚያ ክላክማናን ግንብ ቅርብ ነው። የዚያ ቅርንጫፍ የመጨረሻዋ እመቤት ካትሪን ብሩስ በ1787 ገጣሚውን ሮበርት በርንስን የንጉሡ ነው በሚባል ሰይፍ ባላባት ብላ ሾመችው። ሰይፉ ኋላ ወደ ኤልጊኖች ቤት ሄዷል።

ባኖክበርንን አይተው ወደ ላርበርት ይለፉ። አሮጌው ቤተ ክርስቲያን አጠገብ ከብረት የተሠራ ረጅም ሐውልት ያገኛሉ። ጄምስ ብሩስ ለሚስቱ ለሜሪ ዳንዳስ ያሠራው ነው። የሠራው የካሮን ብረት ፋብሪካ ነው፤ ከብሩስ መሬት የሚወጣውን ድንጋይ ከሰል ይጠቀም ነበር። ጄምስም በ1794 ኪኔርድ ቤቱ ደረጃ ላይ ወድቆ ሲሞት እዚያው ተቀበረ።

ስለ ሰውየው ለልጆቹ ሲነግሯቸው ሁለቱንም ይንገሯቸው። ግሽ ዓባይ ላይ የደረስኩ የመጀመሪያው አውሮፓዊ እኔ ነኝ ብሎ ጽፏል፤ ግን ስፔናዊው ሚስዮናዊ ፔድሮ ፓኤዝ በ1618 ደርሶበት ነበር። አብሮት የሠራውን ጣሊያናዊ ሠዓሊ ሉዊጂ ባሉጋኒንም ሥራውን ደብቆበታል። በሌላ በኩል መጽሐፈ ሄኖክን በግዕዝ ይዞ አውሮፓ ያደረሰ እሱ ነው፤ ሦስት ቅጂ ነበር። አንዱን ለፈረንሳዩ ንጉሥ፣ አንዱን ለኦክስፎርዱ ቦድሊያን ቤተ መጻሕፍት ሰጠ። ሪቻርድ ሎረንስ በ1821 ወደ እንግሊዝኛ የተረጎመው ከኦክስፎርዱ ቅጂ ነው። ለራሱ ያስቀረው ሦስተኛውም ኋላ ቦድሊያን ገብቷል። ኦክስፎርድ ከለንደን በባቡር አንድ ሰዓት ገደማ ስለሆነ፣ ቦድሊያንን ለሌላ ቅዳሜ ይያዙት።